የሱፍ ነጋዴው ታይተስ ሳልት

በወሎ ደጋ የበግ ጠጕር ተፈትሎ ባና ይሆናል። ለኛ ለሐራ ቆለኞች ባና ባያሻንም፣ በጠጕር የከበረውን ሰው ታሪክ ብናውቅ አይጎዳንም።

ታይተስ ሳልት በ1803 ዓ.ም. (አቆጣጠሩ ሁሉ የአውሮፓ ነው) በእንግሊዝ አገር ሞርሊ በተባለ ስፍራ ተወለደ። በብራድፎርድ ከአባቱ ጋር ሲነግድ፣ ፈታዮች ሸካራ ነው ብለው የናቁትን የሩሲያ ጠጕር ራሱ በመኪና ፈትሎ አሳያቸው። በ1836 ገደማም በሊቨርፑል መጋዘን ገዢ አጥቶ የተከማቸ የአልፓካ ጠጕር አገኘ። አልፓካ በፔሩ ተራሮች የሚረባ የግመል ዘመድ ነው። ሳልት ጥጡን ድር፣ ጠጕሩን ማግ አድርጎ እንደ ሐር የሚያበራ ጨርቅ አሠራና ባለጠጋ ሆነ።

ብራድፎርድ ግን ጢስና እድፍ የበዛባት ከተማ ነበረች። በ1849 ኮሌራ ገብቶ ሕዝቡን ሲፈጅ ከንቲባው እሱ ነበር። ከከተማው ወጣ ብሎ በኤር ወንዝ ዳር በ1853 ታላቅ ፋብሪካ ከፈተ፤ ከዚያም በየጊዜው ለሠራተኞቹ ከ800 በላይ ቤቶች፣ ትምህርት ቤት፣ ሆስፒታልና መታጠቢያ ቤት አሠራ። መንደሩ በስሙና በወንዙ ስም ሳልቴር ተባለ። መጠጥ ቤት ግን በመንደሩ አልፈቀደም፤ ይህን ሠራተኛው ሁሉ የወደደለት አይመስለንም።

በ1876 ሞቶ ራሱ ባሠራው ቤተ ክርስቲያን ተቀበረ። ፋብሪካው እስከ 1986 ሲፈትልና ሲሸምን ቆየ።