አንድ የፍቅር ዘፈን ለምን አስፈራ? የ20 ዓመቱ ጥላሁን ገሠሠ

ጥላሁን ገሠሠ ሲባል ለብዙዎቻችን ቶሎ የሚታወሰን በሕይወቱ መጨረሻ ያየነው፣ ሕመም ያደከመው ትልቅ ሰው ነው። ስልካችን ላይ የሚዘዋወሩት ቪዲዮዎችም ብዙዎቹ የዚያ ጊዜ ናቸው። ዛሬ ልናወራችሁ የፈለግነው ግን ስለ 20 ዓመቱ ጥላሁን ነው። ያ ወጣት በሀገሪቱ ስመ ጥር በሆነ ባንድ ውስጥ ዋና ዘፋኝ ነበር። ባንዱ ያለበት ጦር በጥቂት ቀናት ውስጥ ከንጉሡ ጠባቂነት ወደ ንጉሡ ጠላትነት ሲገለበጥ፣ ዘፋኙም አብሮ ታሰረ።

ከዚያ ዘመን ጋር ስሙ ተያይዞ የቀረ አንድ ዘፈን አለ። «አልቻልኩም» ይባላል። ቀስ ያለ፣ ሆድ የሚያባባ የፍቅር ዘፈን ነው። ታገደ።

የፍቅር ዘፈን ለምን ይታገዳል? ለዚህ መልስ ለማግኘት ከልጁ እንጀምር።

ጥላሁን የተወለደው መስከረም 17 ቀን 1933 ዓ.ም አዲስ አበባ ነው። አዎ፣ የመስቀል ዕለት። ከተማዋ ያኔ በጣሊያን እጅ ነበረች። ልጅ ሳለ አያቱ ወሊሶ ወሰዱትና ራስ ጎበና ትምህርት ቤት ገባ። አያቱ የሚፈልጉት እንዲማር ነበር፣ እሱ ደግሞ ልቡ ዘፈን ላይ ነው። ይሄ ነገር ከእናንተ ውስጥ ለስንቱ አዲስ አይደለም መሰለን።

ደግነቱ የትምህርት ቤቱ ርዕሰ መምህር፣ ሱዳናዊው ሚስተር ሸዳድ፣ የልጁን ድምፅ ሰምተው ዝም አላሉም። አዲስ አበባ ሄዶ እንዲሞክር መከሩት። በዚህ መሃል የሀገር ፍቅር አርቲስቶች ወሊሶ መጥተው ዝግጅት አቀረቡ። ወይዘሮ ንጋቷ ከልካይና አቶ ኢዮኤል ዮሐንስ ከመጡት ውስጥ ነበሩ። ልጁ አቶ ኢዮኤልን ጠጋ ብሎ ዘፋኝ መሆን እንደሚፈልግ ነገራቸው። እሳቸውም አዲስ አበባ መምጣት እንዳለበት ነገሩት። ለእሱ ይሄ በቂ ነበር።

ከወሊሶ አዲስ አበባ 115 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ጥላሁን በእግሩ ተነሳ። ቱሉ ቦሎ ሲደርስ ዘመድ ቤት አደረ፣ አያቱ ደግሞ ተከታትለው እዚያው ያዙትና መለሱት። ሌላ ልጅ ቢሆን እዚህ ላይ ያበቃ ነበር። እሱ ግን እንደገና ጠፋ፣ በዚህኛው ጊዜ በጭነት መኪና፣ እና ደረሰ።

የተቀጠረው ሀገር ፍቅር ነው። ሀገር ፍቅር በ1927 ዓ.ም፣ የጣሊያን ወረራ ሊመጣ ሲል፣ ሕዝቡን ለማነቃቃት የተቋቋመ ማኅበር ነበር፣ በኋላ ቴአትር ቤት ሆነ። ጥላሁን እዚያ ጥቂት ዓመታት ሠርቶ ወደ ክቡር ዘበኛ ተሻገረ።

ስለ ክቡር ዘበኛ ትንሽ ማለት አለብን፣ ምክንያቱም ታሪኩ ያለው እዚህ ላይ ነው። ክቡር ዘበኛ የንጉሠ ነገሥቱ የራሳቸው ጠባቂ ጦር ነው። ወደ ኮሪያ የዘመተው የቃኘው ሻለቃም ከዚሁ ጦር የወጣ ነበር። ጦሩ የራሱ የሙዚቃ ክፍል ነበረው። ያኔ ዘመናዊ ሙዚቃ የሚባለው ነገር በብዛት የሚሠራው በጦር ሠራዊት፣ በፖሊስና በመሳሰሉት ውስጥ ነው እንጂ እንደ አሁኑ አምስት ጓደኛሞች ተሰባስበው ባንድ የሚያቋቁሙበት ጊዜ አልነበረም። ሥሩም ሩቅ ነው። በ1916 ዓ.ም ራስ ተፈሪ ከኢየሩሳሌም ያመጧቸው አርባ የአርመን ወላጅ አልባ ልጆች፣ በኬቮርክ ናልባንዲያን መሪነት፣ የነሐስ መሣሪያ የሚነፋ የቤተ መንግሥት ባንድ ሆኑ። ከዚያ ወዲህ ጥሩምባና ሳክስፎን የመንግሥት ድምፅ ሆነው ቀሩ። የሚነፉት ለሰልፍ፣ ለእንግዳ አቀባበልና ለብሔራዊ መዝሙር ነበር።

እንግዲህ አስቡት። ለሰልፍ የተሠራውን መሣሪያ ወታደሮች ይይዙና ማታ ማታ ስለ ናፍቆት ይነፉበታል። ሳክስፎኑ ለስለስ ይላል፣ ትራምፔቱ ከዘፋኙ ኋላ ይቆያል፣ ከፊት አንድ ወጣት ቆሞ ስለ ፍቅር ያለቅሳል። ፈረንጆቹ በኋላ በሮክ ባንዶቻቸው ለስላሳ የፍቅር ዘፈን ሲሠሩ ዓለም ጉድ አለ፤ የእኛዎቹ ወታደሮች ነገሩን ቀድመው በራሳቸው መንገድ ይሠሩት ነበር። እንደ እኛ እንደ እኛ የኢትዮጵያ ዘመናዊ ሙዚቃ ትልቁ ተአምር ይሄ ነው።

ጥላሁን በዚህ ባንድ ውስጥ የሁሉም ዓይን ሆነ። ድምፁ ከነሐሱ በላይ ይወጣል። ዝቅ ሲልም አይጠፋም።

ከዚያ ታኅሣሥ 1953 መጣ።

ጃንሆይ ብራዚል ለጉብኝት በሄዱበት፣ የክቡር ዘበኛ አዛዥ ብርጋዴር ጄኔራል መንግሥቱ ንዋይና ወንድማቸው ገርማሜ ንዋይ መፈንቅለ መንግሥት ሞከሩ። ታኅሣሥ 4 ማታ ተጀመረ፣ ጦር ሠራዊቱ ከንጉሡ ጎን ስለቆመ በጥቂት ቀናት ውስጥ ከሸፈ። በመጨረሻው ሰዓት ስድስት ኪሎ በሚገኘው በገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት፣ አረንጓዴው ሳሎን ውስጥ ታግተው የነበሩ ትልልቅ ባለሥልጣናት ተረሸኑ። ገርማሜ ሞቱ፣ መንግሥቱ ቆስለው ተያዙና በዚያው ዓመት መጋቢት ተሰቀሉ።

ጦሩስ? ክቡር ዘበኛ የሚለው ስም በአንድ ጊዜ አስፈሪ ሆነ። የትናንቱ የንጉሥ ጠባቂ የዛሬ ተጠርጣሪ ነው። ዘፋኙም አልቀረለትም። ጥላሁን ታሰረ፣ ለተወሰነ ጊዜ እስር ቤት ቆየ። ዕድሜው 20 ነበር። ከእኛ ተከታታዮች ስንቶቻችሁ 20 እንደሆናችሁ እናውቃለን፣ ለዚህ ነው ቁጥሩን የምንደጋግመው።

ባንዱ አልጠፋም። ግን ያው አልነበረም። መሪዎቹ ተሰቅለው፣ ሰዎቹ ታስረው፣ ስሙ ጎድፎ እንደገና መቆም ነበረበት። በዚህ የሽግግር ጊዜ ውስጥ አዲስ ድምፅም ገባ። ከመፈንቅለ መንግሥቱ ሁለት ዓመት ገደማ በኋላ፣ የክቡር ዘበኛ ሙዚቀኞች ከሥራ በኋላ የሚያመሹበት አሪዞና የሚባል ክለብ ነበር። እዚያ ተላላኪ ሆኖ የሚሠራ አንድ የመርካቶ ልጅ፣ አንድ ማታ ዘፋኙ ሲቀር ልዝፈን ብሎ ጠየቀ። ማህሙድ አህመድ ነው! በዚያው የባንዱ አባል ሆነ። ባንድ ሲናጋ በር ይከፈታል ማለት ነው፣ ለአንዱ የእስር ቤት፣ ለሌላው የመድረክ።

ወደ «አልቻልኩም» እንመለስ። ዘፈኑን ላልሰማችሁ፣ ላይ ላዩን ያለው አፍቃሪ ነው፤ መሸከም ያቃተው፣ የደከመው አፍቃሪ። በቃ። ግን በዚያን ሰሞን አዲስ አበባ ውስጥ አልቻልኩም የሚል ሰው ሁሉ ስለ ፍቅረኛው ብቻ ነው የሚያወራው ብሎ የሚያምን አልነበረም። ልጁ ደግሞ ከማን ባንድ እንደሆነ ይታወቃል። የት እንደነበረም ይታወቃል። አድማጩ ሰሙን ትቶ ወርቁን ፈለገ፣ ባለሥልጣኑም ያንኑ ወርቅ አገኘው። ዘፈኑ ታገደ።

እዚህ ላይ የኛን ሐሳብ እንንገራችሁ። ብዙ ሰው «አልቻልኩም»ን ፖለቲካ ነው ብሎ ያልፈዋል፣ የፍቅሩ ነገር ሽፋን ብቻ የነበረ ይመስል። እኛ አይመስለንም። ዘፈኑ መጀመሪያ እውነተኛ የፍቅር ዘፈን ባይሆን ኖሮ ማንም አያስታውሰውም ነበር። መፈክር ቢሆን ከመፈክሩ ጋር ያረጅ ነበር። ሰው ያመነው ልቡ ስለተነካ ነው፣ ከዚያ የራሱን ችግር ጨመረበት። ጥላሁን ያላለውን ሕዝቡ አለለት። መንግሥት ደግሞ ዘፋኝን ማሰር ይችላል፤ አድማጭ በልቡ የሚጨምረውን ግን በምን ያስረዋል?

የወሎ ሰው ይሄን ለማስረዳት ብዙ ቃል አያስፈልገውም። ከአራቱ ቅኝቶች ሁለቱ፣ አምባሰልና ባቲ፣ በወሎ የቦታ ስም የሚጠሩ ናቸው። ትዝታንና አንቺ ሆዬንም ቢሆን ወሎዬ የራሱ አድርጎ ነው የሚሰማቸው። ቦረና፣ ሳይንት፣ ለጋምቦ ያደገ ልጅ አንድ ግጥም ሁለት ነገር እንደሚል ትምህርት ቤት ሳይገባ ነው የሚያውቀው። ሰርግ ላይ ለሙሽራ የተባለው ነገር ለአማቱም ይደርሳል።

ጥላሁን ለወሎ ቅርብ የሆነበት ሌላ ምክንያትም አለ፣ ይሄኛው ሰምና ወርቅ የለውም። «ዋይ ዋይ ሲሉ» የሚለው ዘፈኑ በቀጥታ ስለ ረሃብ ነው። በ1965 እና 66 ወሎ ሲራብ መንግሥት ደብቆት ነበር፤ እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ቀርጾ ለዓለም ያሳየው ያንን ረሃብ ነው። በ1977 ደግሞ ተመለሰ። በእኛ ደጋ ያሉ አዛውንቶች ያንን ዘፈን ሲሰሙ ዝም ይላሉ፣ አንዳንዶቹ ዝጉት ይላሉ። እኛ ልጆቹ ዜማው ያምራል ብለን ስንከፍተው እነሱ ፊት እያዩበት ነው። መካነ ሰላም ውስጥ ዘፈኑን ድምፁን ከፍ አድርጋችሁ ከመክፈታችሁ በፊት ማን አጠገባችሁ እንደተቀመጠ እዩ፣ ይሄ ምክራችን ነው።

ከዚያ በኋላ ያለውን ታሪክ አብዛኛው ሰው ስለሚያውቀው ቶሎ ቶሎ እንለፈው። ጥላሁን ከክቡር ዘበኛ በኋላ ወደ ብሔራዊ ቴአትር ተዛወረ፣ ያኔ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር የሚባለው፣ በ1948 ዓ.ም የተከፈተው። ባሰረው መንግሥት ስም በሚጠራ መድረክ ላይ ዘፈነ ማለት ነው። ንጉሡ ፊትም ሦስት ጊዜ ቀርቧል፤ ተሰጥኦውን እንዳያባክን መክረውታል ይባላል። ሸክላ ሲመጣ በሸክላ፣ ካሴት ሲመጣ በካሴት አስቀረጸ። በአማርኛም በኦሮምኛም ዘፈነ። ንጉሡ ወረዱ፣ ደርግ መጣ፣ ደርግም ሄደ፣ እሱ እየዘፈነ ነበር። በመጨረሻዎቹ ዓመታት የስኳር በሽታ አንድ እግሩን አሳጣው፣ ድምፁን ግን አልወሰደበትም።

አንድ ነገር ግን ሳንናገር አናልፍም። አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ለጥላሁን የክብር ዶክትሬት ሰጥቶታል። ይሄን ሁሉም ያውቀዋል። የዩኒቨርሲቲው ዋና ግቢ ግን የቱ ነው? ስድስት ኪሎ፣ ገነተ ልዑል። ያ አረንጓዴ ሳሎን ያለበት ቤተ መንግሥት። ከመፈንቅለ መንግሥቱ በኋላ ጃንሆይ ግቢውን ለዩኒቨርሲቲ ሰጡት። አንድ ወጣት ዘፋኝን እስር ቤት ያስገባው ነገር ደም የፈሰሰበት ቦታ፣ በኋላ ያንኑ ዘፋኝ ዶክተር ብሎ የጠራው ተቋም መቀመጫ ሆነ። ይሄ በፊልም ቢሠራ ተጋኗል እንል ነበር።

ጥላሁን ከአሜሪካ በተመለሰ በጥቂት ጊዜ ውስጥ፣ ሚያዝያ 11 ቀን 2001 ዓ.ም፣ ወደ ሆስፒታል ሲወሰድ መንገድ ላይ አረፈ። የፋሲካ ዕለት ነበር። የመስቀል ዕለት ተወልዶ በፋሲካ ሞተ። ከእናንተ ብዙዎቻችሁ ያኔ ሕፃን ነበራችሁ ወይም አልተወለዳችሁም፤ ታላላቆቻችሁን ጠይቁ፣ ዶሮው ቀርቦ ሳለ ሬዲዮ ሲነገር የት እንደነበሩ አይረሱትም።

ከአራት ቀን በኋላ መንግሥታዊ የቀብር ሥነ ሥርዓት ተደረገለት። መንገዱ በሰው ሞላ፣ በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ሕዝብ ሸኘው። የተቀበረው መንበረ ጸባዖት ቅድስት ሥላሴ ካቴድራል ነው። በ1993 ዓ.ም የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ አጽም የተቀበረውም እዚያው ነው፣ እሳቸው ከቤተ ክርስቲያኑ ውስጥ፣ እሱ ከግቢው።