የተራበ ሰው ቀልድ

በዚህ እትም የቻርሊ ቻፕሊንን ሕይወት እናነሳለን።

ቻፕሊን እ.ኤ.አ. በ1889 ለንደን ውስጥ ከዘፋኝ ወላጆች ተወለደ። አባቱን መጠጥ ገደለው፤ እናቱ በአእምሮ ሕመም ተሠቃየች። ገና በሰባት ዓመቱ ከወንድሙ ጋር ወደ ድሆች መጠለያ ገባ። በመድረክ ላይ አድጎ በ1914 አሜሪካ ውስጥ ፊልም መሥራት ጀመረ። ያኔ ፊልም ድምፅ ስላልነበረው የሚያስቀው በሰውነቱ ነበር። ሰፊ ሱሪ፣ ጠባብ ኮት፣ ትልልቅ ጫማና ከዘራ ይዞ ሲራመድና ሲወድቅ ቋንቋውን የማያውቅም ይስቅ ነበር።

በ1925 በወጣው «የወርቅ ጥድፊያ» ፊልሙ በበረዶ የተከበበ ድሃ ጫማውን ቀቅሎ ይበላል። ማሰሪያውን እንደ ፓስታ ይጠቀልላል፤ ሚስማሩን እንደ አጥንት ይመጠምጣል። ለቀረጻው ጫማው የተሠራው ከጣፋጭ ነበር። ረሃቡን ግን ቻፕሊን ከልጅነቱ ያውቀዋል። ኋላ በዓለም የታወቀ ሀብታም ሆኖ፣ በ88 ዓመቱ ስዊዘርላንድ ውስጥ ሞተ።

ከሰቆጣና ከዝቋላ የመጣን ተማሪዎች ስለ ድርቅ ነጋሪ አንፈልግም። ዋግ በ1977 ዓ.ም. ረሃብ ያየችውን ከቤተሰቦቻችን ሰምተናል። ያን ትዕይንት ስናይ ግን አንከፋም፤ ድሃው ጫማውን እንደ ክቡር እንግዳ በሹካና በቢላዋ ይመገባል፣ ክብሩም አልተነካም። በእርዳታ ስንዴ ባደገ ጓደኛ ላይ በዶርም የሚወረወረው ቀልድ ከዚህ ይለያል። በሱረቱል ሑጁራት አንዱ በሌላው እንዳይሳለቅ ተከልክለናል። እንሳሳቅ፤ ማንንም አናሳንስ።