ኮንሱል ካሜሮን፦ ከሰላ ደርሶ በመመለሱ የታሰረው እንግሊዛዊ

በአፄ ቴዎድሮስ ዘመን ከምጽዋ የተነሳ ነጋዴ አድዋን አልፎ፣ ተከዜን ተሻግሮ፣ የልማልሞን አቀበት ወጥቶ ደባርቅ ይደርሳል። ከዚያም በዳባት አድርጎ ወገራን አቋርጦ ጎንደር ይገባል። በዚህ መንገድ የሩቁን ንግድ በብዛት የያዙት ሙስሊሞች ነበሩ። ከጭነታቸው ጋር ደብዳቤና ወሬም ያመላልሱ ነበር። ወሬ ደግሞ በጦርነት ጊዜ ሰውን ያስጠረጥራል። የካፒቴን ቻርልስ ዳንካን ካሜሮን ታሪክም የዚሁ ጥርጣሬ ታሪክ ነው።

ካሜሮን የእንግሊዝ ወታደር ነበር። በደቡብ አፍሪካ ተዋግቷል፤ በክሪሚያ ጦርነት ጊዜም በቱርክ ግዛት አገልግሏል። ከእሱ በፊት የነበረው ኮንሱል ፕላውደን በ1852 ዓ.ም. ጎንደር አጠገብ በአማፅያን ቆስሎ ሞተ። የንጉሡ ወዳጅ ጆን ቤልም ብዙም ሳይቆይ በውጊያ ወደቀ። ንጉሡ የሁለቱን ደም ሲበቀሉ በደባርቅ ብዙ ምርኮኞች ተገደሉ። ካሜሮን እንግዲህ የመጣው ገና ደሙ ወዳልደረቀበት አገር ነበር። የካቲት 1854 ምጽዋ፣ ሰኔ ላይ ጎንደር ገባ።

ጥቅምት 1855 ንጉሡ ለንግሥት ቪክቶሪያ ደብዳቤ ጻፉ። መልእክተኛ ሊልኩ እንዳሰቡና ቱርኮች መንገድ እንደዘጉባቸው ገለጹ። ደብዳቤውን ይዞ ወደ ባሕር እንዲወርድ የታዘዘው ካሜሮን ነበር። እሱ ግን ደብዳቤውን በሌላ ሰው እጅ ልኮ ወደ ቦጎስ፣ ከዚያም በግብፅ ሥር ወደነበረችው ከሰላ ሄደ። በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት የተነሳ ጥጥ ስለተወደደ፣ የጥጥንና የንግድን ጉዳይ ማጥናት ከሥራው አንዱ ነበር። ለንጉሡ ግን ከሰላ የጠላት ደጅ ናት። ወዳጄ ያሉት ሰው ከጠላታቸው ዘንድ ውሎ አድሮ መጣ።

ደብዳቤው በየካቲት 1855 ለንደን ደረሰ። እንግሊዝ ከቱርክና ከግብፅ ጋር ያላትን ወዳጅነት ማበላሸት ስላልፈለገች ሳይመለስ ቀረ። ለካሜሮን መልእክት ሲመጣ፣ ለንጉሡ ግን አንድም ቃል አልመጣም። ታኅሣሥ 1856 ካሜሮን በእግር ብረት ታሰረ፤ በኋላም ወደ መቅደላ ተወሰደ። ራሳም የተባለ የሞሱል ተወላጅ በ1858 የንግሥቲቱን መልስ ይዞ ሲመጣ እስረኞቹ ለጥቂት ጊዜ ተፈቱ፤ ብዙም ሳይቆይ ራሱ ራሳም ጭምር አብሮ ታሰረ።

በዚያው ዘመን ጥርጣሬው ለአገሩ ሰውም ተርፏል። ቱርክና ግብፅ እንደ ጠላት ሲታዩ፣ ሃይማኖቱ ከእነሱ ጋር አንድ የሆነው የአገሩ ሙስሊምም በጥርጣሬ ዓይን ታየ፤ ክርስትናን እንዲቀበልም ታዘዘ። ካሜሮንን የሚያስመጣ ጦር ነበረው። የጎንደሩ ነጋዴ ግን ከአላህ በቀር ማንም አልነበረውም።

13 ሺህ ያህል ወታደር የያዘው የጄኔራል ናፒየር ጦር መቅደላ ደረሰ። ካሜሮን ሚያዝያ 4 ቀን 1860 ተፈታ፤ ከሁለት ቀን በኋላ ንጉሡ በገዛ እጃቸው ሞቱ። እሱ አገሩ ገብቶ ጡረታ ወጣ፤ ዕድሜ ግን አልሰጠውም። ከአራት ዓመት በላይ እስር ያደከመው ሰው በግንቦት 1862 ስዊዘርላንድ ውስጥ ጄኔቫ ላይ ሞተ።

ካሜሮን ሰላይ ነበርን? ያየውን ለመንግሥቱ የሚጽፍ ሹም ነበር፤ የታዘዘውን ትቶ በሌላ መንገድ መሄዱም ጥፋት ነው። ነገር ግን ያሰረው የተረጋገጠ ክስ ሳይሆን ከጥርጣሬ ጋር የተዳመረ ዝምታ ነው። ሱረቱል ሑጁራት ከብዙ ጥርጣሬ እንድንርቅ፣ የሰውንም ነውር እንዳንሰልል ያዘናል። ነቢያችንም (ሰ.ዐ.ወ) የሐሰተኛውን የሙሰይለማን መልእክተኞች እንኳ በሰላም ሰደዋል። ሳይጠይቁ መጠርጠርና ሳይመልሱ ዝም ማለት ተገናኝተው አንድ ንጉሥን፣ አንድ ኮንሱልንና ብዙ ስም የለሽ ሰዎችን በሉ። ዛሬም በየሰፈራችን ሰውን በመጣበት መንገድ ከመፍረዳችን በፊት ቆም ብለን እንጠይቅ። ወላሁ አዕለም።