ዓለም ያጨበጨበለት የቶርኖ ሠራተኛ

"የብስክሌት ሌቦች" የሚለውን የጣሊያን ፊልም አይታችሁታል? ካያችሁት፣ ብስክሌቱን ተሰርቆ ከትንሽ ልጁ ጋር ሮምን ሲያስስ የሚውለውን ከሲታ አባት መቼም አትረሱትም።

ያ ሰው ላምቤርቶ ማጆራኒ ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1909 ሮም ተወለደ። 40 ዓመት ሊሞላው ትንሽ እስኪቀረው ድረስ ትወና የሚባል ነገር አያውቅም። ብሬዳ በሚባል ፋብሪካ የቶርኖ ሠራተኛ፣ ባለትዳርና የልጅ አባት ነበር።

ዳይሬክተሩ ቪቶሪዮ ዴ ሲካ ለፊልሙ ገንዘብ ሲያፈላልግ፣ አንድ የሆሊውድ ፕሮዲውሰር ወጪውን ሊሸፍን ፈቃደኛ ሆኖ ነበር። ግን ቅድመ ሁኔታ አስቀመጠ፤ ዋናውን ቦታ ዝነኛው ኬሪ ግራንት እንዲይዘው። ዴ ሲካ አሻፈረኝ አለ። የሠራተኛ ፊትና አረማመድ ያለው እውነተኛ ሰው ነበር የፈለገው።

ማጆራኒ ብቅ ያለው ለራሱ አልነበረም፤ ልጁን ለማስፈተን ነው። ልጁ ቀረ፣ አባትየው ተመረጠ። ዴ ሲካም ቀረጻው ሲያልቅ ሲኒማን ረስቶ ወደ ፋብሪካው እንዲመለስ ቃል አስገባው።

ፊልሙ በ1948 ወጣ። የኦስካር ልዩ ሽልማት አገኘ። በ1952 ደግሞ "ሳይት ኤንድ ሳውንድ" የተባለው የእንግሊዝ መጽሔት ባሰባሰበው የሃያሲያን ድምፅ የምንጊዜም ምርጥ ፊልም ተባለ።

ማጆራኒስ? የደረሰው 600 ሺህ ሊሬ ነበር። አዲስ የቤት ዕቃ ገዛበት፣ ቤተሰቡን ይዞ ሽርሽር ወጣ። ከዚያ ቃሉን ጠብቆ ወደ ሥራው ተመለሰ። ብዙም ሳይቆይ ፋብሪካው ገበያ ቀዘቀዘበትና ሠራተኛ መቀነስ ጀመረ። አለቆቹ እሱንም አሰናበቱት፤ በፊልም ሚሊዮኖች ዝቋል ብለው ነበር የገመቱት።

ከዚያ ግንበኛ ሆነ። የፊልም ሠሪዎችንም በር ደጋግሞ አንኳኳ። ፊቱን የማያውቅ አልነበረም፣ የሚሰጡት ግን ጥቃቅን ቦታ ነበር። ዴ ሲካ ራሱ ከአጃቢነት የዘለለ ሥራ ሊሰጠው አልደፈረም። በ1962 ፓዞሊኒ "ማማ ሮማ" በተሰኘው ፊልሙ ሆስፒታል ተኝቶ የሚሰረቅ በሽተኛ አድርጎ አሳየው። እዚያም ሌባ አልለቀቀውም!

በ1983 እዚያው ሮም በ73 ዓመቱ አረፈ።

ፊልሙን ስታዩት ይህን አስታውሱ። ሥራውን ላለማጣት የሚንከራተተው ያ አባት፣ ሳያውቀው እየተወነ የነበረው ነገ በራሱ ላይ የሚደርሰውን ነው።