ማይክል ፋራዴይ፣ የቀጥቃጩ ልጅ

ለትምህርት ቤታችን የበዓል መጽሔት የአንድ ታላቅ ሰው የሕይወት ታሪክ እንድናቀርብ በታዘዝን ጊዜ፣ ብዙዎቻችን የነገሥታትንና የጦር አለቆችን ስም ጠርተን ነበር። በመጨረሻ የተስማማንበት ግን ስሙን በፊዚክስ መጽሐፋችን ውስጥ ደጋግመን የምናገኘውን፣ ከየት እንደ መጣ ግን ጠይቀን የማናውቀውን ማይክል ፋራዴይን ነው። የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ፋራዴይ በ1791 ዓ.ም. በለንደን አጠገብ ተወለደ። አባቱ ብረት ቀጥቃጭ ሲሆኑ ጤና ያጡ ሰው ስለ ነበሩ ቤታቸውን ችግር አይለየውም ነበር። በ1801 ዓ.ም. እህል በተወደደ ጊዜ ለልጁ ለሳምንት የሚደርሰው አንድ ዳቦ ብቻ እንደ ነበረ ይነገራል። የቀሰመውም ትምህርት ከማንበብ፣ ከመጻፍና ከጥቂት ሒሳብ አላለፈም። በዚያው ዘመን የመኳንንቱና የባለጠጎቹ ልጆች ኢተንና ሃሮው በሚባሉት ትምህርት ቤቶች ላቲንና ግሪክ እየተማሩ ወደ ኦክስፎርድና ወደ ካምብሪጅ ያልፉ ነበር። ከቀጥቃጭ ልጅ የሚጠበቀው ግን ቶሎ ሥራ ይዞ እንጀራውን መፈለግ ነው። ቀጥቃጭ የሚለው ቃል በእኛም አገር ለስድብ ይውል እንደ ነበረ ስለምናውቅ፣ ነገሩ እንግዳ አልሆነብንም።

ልጁ በ13 ዓመቱ ሪቦ ከሚባሉ መጽሐፍ ሻጭና ጠራዥ ዘንድ ተላላኪ ሆነ። ሥራውም ጋዜጣ ለደንበኞች ማዞርና አንብበው ሲጨርሱ መሰብሰብ ነበር። በከተማችን ጋዜጣ ሲያከራዩ የሚውሉትን ልጆች ያየ ሰው ይህን ሥራ አይስተውም። ከዚያም ሰባት ዓመት ጥረዛ ተማረ። ለመጠረዝ የመጡትን መጻሕፍት ግን ሳያነባቸው አይመልስም ነበር። ስለ ኤሌክትሪክ በመጀመሪያ ያነበበው ሊጠርዘው ከተሰጠው የኢንሳይክሎፒዲያ ቅጽ ላይ ሲሆን፣ ኬሚስትሪን ያስወደደው ደግሞ የወይዘሮ ማርሴት መጽሐፍ ነው።

በ1812 ዓ.ም. አንድ የሱቁ ደንበኛ፣ በሮያል ኢንስቲቱሽን ታላቁ ኬሚስት ሰር ሃምፍሪ ዴቪ የሚሰጡትን ትምህርት የሚሰማበት የመግቢያ ወረቀት ሰጠው። እዚያ የሚገኙት በሠረገላ የሚመጡ ጌቶችና እመቤቶች ነበሩ። ፋራዴይ የሰማውን ሁሉ ጽፎ፣ ሥዕል ጨምሮ፣ ሦስት መቶ ገጽ ያህል የሆነውን በገዛ እጁ ጠርዞ ለዴቪ ላከላቸው። በ1813 ዓ.ም. በላቦራቶሪው ረዳት ሆኖ ተቀጠረ።

በዚያው ዓመት ከዴቪና ከባለቤታቸው ጋራ ወደ አውሮፓ አገሮች ሲጓዝ ግን የአሽከርነት ሥራም ተጨመረበት። እመቤቲቱ እንደ አገልጋይ ስለ ቈጠሩት ለወዳጁ በሚልከው ደብዳቤ መከፋቱን ይገልጽ ነበር። የሚያሳዝነው፣ ዴቪ ራሳቸው የእንጨት ጠራቢ ልጅ መሆናቸው ነው። በኋላም በ1824 ዓ.ም. ፋራዴይ የሮያል ሶሳይቲ አባል እንዲሆን ሲመረጥ፣ ፕሬዚዳንቱ ዴቪ ተቃውመው ነበር።

በ1831 ዓ.ም. ማግኔት በሽቦ ጥቅል ውስጥ ሲንቀሳቀስ ኤሌክትሪክ እንደሚፈጠር አሳየ። የዛሬው ጄኔራቶርና ትራንስፎርመር መሠረታቸው ይህ ነው። ነገር ግን እውነቱን እንናገር፤ ትምህርት አለማግኘቱ ጐድቶታል። ከፍተኛ ሒሳብ ስለማያውቅ ሐሳቡን በቀመር ሊገልጠው አልቻለም፤ ይህን የፈጸመለት በካምብሪጅ የተማረው ማክስዌል ነው። አንዳንዶች የፋራዴይን ታሪክ እየጠቀሱ ጐበዝ ልጅ ያለ ትምህርት ቤትም ይወጣል ይላሉ። እኛ ይህን አንቀበልም። ሪቦ ደግ ጌታ ባይሆኑ፣ ያም ደንበኛ ወረቀቱን ለሌላ ቢሰጠው ኖሮ፣ ፋራዴይ ጠራዥ ሆኖ በቀረ ነበር። ስንቱ እንደዚያ ቀርቷል! ከግቢያችን አጥር ውጭ ሊስትሮ የሚሠሩት እኩዮቻችን የመግቢያውን ወረቀት አላገኙም እንጂ ከእኛ አያንሱ ይሆናል። ይህን ስንጽፍ ጥቂት አፍረናል።

በ1861 ዓ.ም. የእንግሊዝ መንግሥት ኢተንን፣ ሃሮውንና ሌሎች ሰባት ታላላቅ ትምህርት ቤቶችን የሚመረምር ኮሚሲዮን አቋቋመ። ሰብሳቢው የክላረንደን ኤርል ነበሩ። በ1862 ዓ.ም. ምስክርነት እንዲሰጡ ከተጠሩት ሰዎች አንዱ ይኸው የቀጥቃጭ ልጅ ሆነ። ዕድሜው 71 ደርሶ ነበር። በተለመደው አነጋገር ራሱን የተማረ ሰው ብሎ እንደማይጠራ በትሕትና ገለጸ። ይሁን እንጂ በእነዚያ ትምህርት ቤቶች አልፈው ወደ እሱ የሚመጡ አዋቂዎች ስለ አየር፣ ስለ ውሃ፣ ስለ ሙቀት አንዳች እንደማያውቁ፣ አለማወቃቸውንም እንኳ እንደማያውቁት መሰከረ። ለተፈጥሮ ትምህርት ከትምህርቱ ሰዓት ድርሻ እንዲሰጠው ጠየቀ። መምህራኑ ራሳቸው ሳይንስ አልተማሩምና፣ ማን ያስተምረው የሚለው ጥያቄ ከባድ ነበር።

ኮሚሲዮኑ በ1864 ዓ.ም. ባወጣው ሪፖርት የተፈጥሮ ሳይንስ በእነዚያ ትምህርት ቤቶች እንዲሰጥ መከረ። ፋራዴይ የሮያል ሶሳይቲን ፕሬዚዳንትነት እንዲቀበል ተጠይቆ እምቢ ብሎ ነበር፤ በዌስትሚንስተርም ከነገሥታቱ ጋራ መቀበርን አልፈቀደም። በ1867 ዓ.ም. ሞቶ በሃይጌት ተቀበረ። በድንጋዩ ላይ ስሙ፣ የተወለደበትና የሞተበት ቀን ተጽፏል።