ዋልተር ቱል፤ የመሐል ሜዳው ባለሙያ

የእግር ኳስ ታሪክ በተወሳ ቁጥር አስቀድሞ የሚነሣው ግብ ያገባው ሰው ስም ነው። ቡድኑ ሲጠቃ ወደ ኋላ ተመልሶ የሚከላከለው፣ ሲያጠቃ ደግሞ ኳስ ይዞ ወደ ፊት የሚገሰግሰው የመሐል ተጫዋች ግን ሥራው እስካልተጓደለ ድረስ የሚያስታውሰው አይገኝም። እንግሊዛዊው ዋልተር ቱል የዚህ ዓይነቱ ሥራ ባለቤት ነበር። በአንደኛ ዲቪዚዮን ያደረጋቸው የሊግ ግጥሚያዎች አሥር ብቻ ናቸው፤ ለብሔራዊ ቡድንም አልተሰለፈም። እንዲህም ሆኖ ከሞተ ከመቶ ዓመት በላይ ካለፈ በኋላ ስሙ በክብር ይጠራል። ምክንያቱም ሕይወቱ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አንድ ጥያቄ የሚያስነሣ በመሆኑ ነው፤ ይኸውም ሰው የሚመዘነው በሥራው ነው ወይስ በቆዳው ቀለም? የሚል ነው። (ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ቱል በኬንት አውራጃ በምትገኘው ፎልክስቶን በምትባል የባሕር ዳርቻ ከተማ ሚያዝያ 28 ቀን 1888 ተወለደ። አባቱ ዳንኤል ቱል ከባርቤዶስ ደሴት የመጣ አናጢ ሲሆን፣ የዳንኤል አባት በዚያች ደሴት በባርነት የኖረ ሰው ነበር። እናቱ አሊስ ፓልመር የኬንት ተወላጅ እንግሊዛዊት ነበረች። ዋልተር ሰባት ዓመት ሲሆነው፣ በ1895፣ እናቱ ሞተች። ከሁለት ዓመት በኋላም አባቱ በልብ ሕመም ተለየው። የእንጀራ እናቱ ልጆቹን ሁሉ ለማሳደግ አቅም ስላጠራት፣ ዋልተርና ታላቅ ወንድሙ ኤድዋርድ በምሥራቅ ለንደን ቤትናል ግሪን በተባለው ሠፈር ለሚገኝ የሜቶዲስት ቤተ ክርስቲያን የሕፃናት ማሳደጊያ ተሰጡ።

በማሳደጊያው ሁለቱ ወንድማማቾች ብዙ አልቆዩም። ኤድዋርድን የግላስጎው ነዋሪ የሆነ የዋርኖክ ቤተሰብ በልጅነት ወሰደው፤ እሱም በዚያው ተምሮ የጥርስ ሐኪም ለመሆን በቃ። ዋልተር ብቻውን ቀረ። በማሳደጊያው የማተሚያ ቤት ሥራ ተማረ፤ ኳስ መጫወትንም የለመደው በዚያው ቡድን ውስጥ ነበር።

በ1908 ክላፕተን የተባለው ስመ ጥር የአማተር ክለብ ተቀበለው። ክለቡ በዚያ የውድድር ዓመት የእንግሊዝን የአማተር ዋንጫ ጨምሮ ሦስት ዋንጫዎችን አገኘ። በዚህም የተነሣ የቶተንሃም ሆትስፐር ኃላፊዎች ዓይናቸውን ጣሉበት፤ በ1909 በጋ ቡድኑ ወደ አርጀንቲናና ዑራጓይ ባደረገው ጉዞም አብሮ ሄደ። ከዚያም የማተሚያ ቤቱን ሥራ ትቶ ኳስ መጫወትን መተዳደሪያው አደረገ።

ቱል ወደዚህ ሙያ የገባበት ዓመት ለሙያው ማኅበር የፈተና ዓመት ነበር። አንድ ተጫዋች በሳምንት ሊከፈለው የሚችለው ደመወዝ ከ1901 ጀምሮ ከአራት ፓውንድ እንዳይበልጥ ተወስኖ ነበር። የፊርማ ገንዘቡም ከአሥር ፓውንድ አያልፍም ነበር። ከዚህም በላይ ተጫዋቹ ውሉ ቢያልቅ እንኳ ክለቡ ካልፈቀደለት ወደ ሌላ መዛወር አይችልም ነበር። ይህን ለመቃወም ተጫዋቾች በ1907 መጨረሻ በማንቸስተር ከተማ ማኅበር መሠረቱ። የእግር ኳሱ ፌዴሬሽን በ1909 አባላቱ ማኅበሩን እንዲለቁ፣ እምቢ ያሉም እንዲታገዱ ሲያዝ፣ ብዙዎች ለቀቁ። የማንቸስተር ዩናይትድ ተጫዋቾች ግን ጸኑ። ጉዳዩ በስምምነት ያለቀው አዲሱ የውድድር ዓመት ሊጀመር ሲል ነው። ማኅበሩ ዕውቅና ቢያገኝም የደመወዙ ጣሪያ እስከ 1961 ድረስ ሳይነሣ ቆይቷል።

ቱል የመጀመሪያውን የሊግ ግጥሚያ ከሰንደርላንድ ጋር ያደረገው በመስከረም 1909 ነበር። ብዙም ሳይቆይ በቶተንሃም ሜዳ የተጋጠመው ከእነዚያው የማንቸስተር ዩናይትድ ጽኑዎች ጋር ነበር። አጨዋወቱ በጋዜጦች ተመሰገነ። በጥቅምት ወር ግን ቡድኑ ወደ ብሪስቶል ሄዶ ሲጫወት፣ ከተመልካቹ መካከል አንዳንዶቹ ስለ ቀለሙ አስጸያፊ ስድብ አወረዱበት። በሥፍራው የነበረ የጋዜጣ ዘጋቢ ድርጊቱን አውግዞ ሲጽፍ፣ ቱል ሳይናደድና ሳይበቀል ጨዋታውን በመቀጠሉ አመሰገነው። ከዚያ በኋላ በዋናው ቡድን የሚሰለፍባቸው ቀናት እየተመናመኑ ሄዱ። በሁለት የውድድር ዓመታት አሥር ጊዜ ብቻ ተሰልፎ ሁለት ግብ አስቆጠረ፤ የቀረውን ጊዜ በሁለተኛው ቡድን አሳለፈ።

በ1911 በጥቅምት ወር ወደ ኖርዝሃምፕተን ታውን ተዛወረ። ክለቡ በደቡብ ሊግ የሚወዳደር፣ በስም ከቶተንሃም የሚያንስ ነበር። አሠልጣኙ ግን ከጊዜ በኋላ ሃደርስፊልድንና አርሰናልን ለታላቅ ዝና ያበቃው ኸርበርት ቻፕማን ነበር። በዚያ ዘመን አንድ ቡድን ከግብ ጠባቂው ፊት ሁለት ተከላካዮች፣ ሦስት አማካዮችና አምስት አጥቂዎች አሰልፎ ይጫወት ነበር። በቶተንሃም አጥቂ የነበረው ቱል በኖርዝሃምፕተን የኋላ ኋላ ከሦስቱ አማካዮች አንዱ ሆነ። የዚህ ቦታ ሥራ አድካሚ ነው፤ የተጋጣሚን አጥቂ መጠበቅ፣ ኳሱን መንጠቅ፣ ከዚያም ለራስ አጥቂዎች በሚመች መንገድ ማቀበልን ይጠይቃል። ቱል ይህን ሥራ እስከ ጦርነቱ መነሣት ድረስ በመቶ አሥራ አንድ ግጥሚያዎች አከናወነ። ቶተንሃም በአሥር ግጥሚያ ያልጨረሰውን ምዘና ኖርዝሃምፕተን በመቶ አሥራ አንዱ ፈጸመው ቢባል ማጋነን አይሆንም።

አንደኛው የዓለም ጦርነት በተነሣ ጊዜ፣ በታኅሣሥ 1914፣ ከእግር ኳስ ተጫዋቾች የተውጣጣ ሻለቃ ጦር በለንደን ተቋቋመ። ይህም የሚድልሴክስ ሬጅመንት 17ኛ ሻለቃ ነው። ቱል ከኖርዝሃምፕተን ተጫዋቾች ቀዳሚ ሆኖ በዚያው ወር ተመዘገበ። ወደ ፈረንሳይ ከመዝመቱ በፊትም የሃምሳ አለቃነት ማዕረግ አገኘ። በ1916 የጸደይ ወራት የማያቋርጥ የመድፍ ድብደባ በሚያስከትለው የአእምሮ ሕመም ተይዞ ወደ አገሩ ተመለሰ። ሲሻለው ግን እንደገና ወደ ምሽግ ገብቶ በሶም ጦር ግንባር ተዋጋ። በዚያው ዓመት መጨረሻ እንደገና ታሞ ሲመለስ አለቆቹ ለመኮንንነት አጩት።

እዚህ ላይ የወረቀቱ ደንብና የሥራው ምስክርነት ፊት ለፊት ተገናኙ። የጊዜው የእንግሊዝ ጦር መመሪያ የዘር ሐረጋቸው ከአውሮፓ ያልሆነ ሰዎች መኮንን ሆነው እንዳያዙ ይከለክል ነበር። በምሽግ ውስጥ ያዩት አዛዦቹ ግን ስለ ችሎታው መሰከሩ። ስኮትላንድ ውስጥ ጌይልስ በተባለው ሥፍራ የመኮንንነት ትምህርቱን አጠናቅቆ በግንቦት 1917 ምክትል የመቶ አለቃ ሆነ። በእንግሊዝ ጦር ነጭ ወታደሮችን በውጊያ ከመሩት የመጀመሪያዎቹ ጥቁር መኮንኖች አንዱ ለመሆን የበቃውም በዚህ መንገድ ነው። ደንቡ ሳይሻር ሰውየው ተሾመ።

በዚያው ዓመት መጨረሻ ክፍሉ ወደ ኢጣሊያ ግንባር ተዛወረ። በጥር 1918 መጀመሪያ ቱል ሃያ ስድስት ወታደሮችን አስከትሎ በሌሊት የፒያቬን ወንዝ ተሻገረ፤ ከጠላት ወረዳ ገብቶም አንድ ሰው ሳይጐድልበት ተመለሰ። የክፍለ ጦሩ አዛዥ ሜጀር ጄኔራል ሲድኒ ሎውፎርድ ስለ ጀግንነቱና ስለ እርጋታው በጽሑፍ አመሰገኑት። በብሪስቶል ሜዳ የታየው እርጋታ በፒያቬ ዳርቻም አልተለየውም።

ጀርመኖች በመጋቢት 1918 በፈረንሳይ ታላቅ የማጥቃት ዘመቻ ሲከፍቱ ክፍሉ ወደዚያ ተመልሶ ነበር። ቱል ከዘመቻው መክፈቻ በአምስተኛው ቀን፣ መጋቢት 25፣ ፋቭሩይ በተባለው መንደር አጠገብ ተመትቶ ወደቀ። ዕድሜው ገና ሃያ ዘጠኝ ዓመት ነበር። የሌስተር ክለብ ግብ ጠባቂ የነበረው ወታደር ቶም ቢሊንግሃም በተኩስ መካከል አስከሬኑን ሊያነሣ ሞከረ፤ አልሆነለትም። በመሆኑም ቱል የታወቀ መቃብር የለውም። ስሙ የተቀረጸው መቃብራቸው ካልታወቀ ወደ 35,000 ከሚጠጉ ወታደሮች ስም ጋር፣ በአራስ በቆመው መታሰቢያ ላይ ነው።

አንድ ጓደኛው መኮንን ለኤድዋርድ በላከው ደብዳቤ ወንድሙ ለጀግና ሜዳይ ታጭቶ እንደ ነበር ገልጾለታል። ሜዳዩ ግን አልተሰጠም። ኖርዝሃምፕተን በ1999 በስታዲየሙ አጠገብ መታሰቢያ አቆመለት፤ በ2014 የእንግሊዝ መንግሥት የገንዘብ ማተሚያ ቤት መልኩ የተቀረጸበት የአምስት ፓውንድ ሳንቲም አወጣ፤ በ2021 ደግሞ የእንግሊዝ እግር ኳስ ሙዚየም ከታላላቆቹ መዝገብ አስገባው።

የቱል ታሪክ ለማንኛውም የሙያ ማኅበር አባል የሚያስገነዝበው ቁም ነገር አለ። ምሰሶ የሚችለው ሸክም የሚታወቀው ተጭኖበት ሲታይ እንጂ የተቀባው ቀለም ታይቶ አይደለም። ደንብ አውጪዎቹ ቱልን ሳይፈትኑት ፈረዱበት፤ አብረውት የተጫወቱትና የዘመቱት ግን ፈትነው መሰከሩለት። በየሙያው ስለ ሥራ ባልደረባ የሚሰጥ ምስክርነት ምን ያህል ከባድ ኃላፊነት እንደሆነም ከዚህ መረዳት ይቻላል። አንድን ሰው ደንብ ከዘጋበት በር ሊያስገባው የሚችለው፣ አብሮት የሠራ ሰው ያየውን ሳይሸሽግ ሲናገርለት ነው።