ደመናው ምን ያህል ይርቃል?

በክረምት እንጦጦን ተሻግሮ ወደ ሱሉልታ የወረደ መንገደኛ፣ ከሰፊው ሜዳ በላይ የተዘረጋው ደመና ከሰማይ ጥግ የራቀ ይመስለዋል። ሰበታ ወይም ቡራዩ ሆኖ ወደ ወጨጫ ሲመለከት ግን ያው ደመና የተራራውን አናት ሸፍኖት ያየዋል። ታዲያ ዓይናችን ለምን ተታለለ? ይህንኑ የደመናና የተራራ ነገር ከአንድ ሺህ ዓመት በፊት መርምረው የጻፉት ሙስሊሙ ሊቅ አቡ ዐሊ አል-ሐሰን ኢብኑል ሀይሰም ናቸው።

የተወለዱት በ354 ዓመተ ሂጅራ (እ.ኤ.አ. 965) ገደማ በበስራ፣ ኢራቅ ነው። የዓባይን ውኃ መቆጣጠር ይቻላል ማለታቸው ግብፅ ድረስ ተሰማና የፋጢሚዮቹ ገዥ አል-ሓኪም አስጠራቸው። እስከ አስዋን አካባቢ ወጥተው ወንዙን በዓይናቸው ሲያዩት፣ ከሩቅ ያሰቡት እንደማይሆን ገባቸው። (የሱሉልታ ሜዳ ዝናብ እንኳ በሙገር በኩል ዓባይ እንደሚገባ ለሚያውቅ ያገራችን ሰው ይህ አይደንቅም።) አለመቻላቸውን አምነው ተመለሱ። ሹመት ቢሰጣቸውም የገዥውን ቁጣ በመፍራት፣ አል-ሓኪም በ1021 ደብዛው እስኪጠፋ ድረስ እብድ መስለው እንደኖሩ የታሪክ ጸሐፊዎች ያወሳሉ። ከዚያ በኋላ በአዝሃር መስጊድ አቅራቢያ የዩክሊድንና የበጥሊሞስን መጻሕፍት በእጃቸው እየገለበጡ በሚያገኙት ገንዘብ ይተዳደሩ ነበር።

ትልቁ ሥራቸው ባለ ሰባት ክፍሉ ኪታቡል መናዚር ነው። እነ ዩክሊድ ጨረር ከዓይን ይወጣል ይሉ የነበረውን አፍርሰው፣ ብርሃን ከሚታየው ነገር ወደ ዓይን እንደሚመጣ አስረዱ። ስለ ርቀት የጻፉት ግን ለእኔ ከሁሉም ይበልጣል። እንደ እርሳቸው አባባል ዓይን ብቻውን ርቀትን አይለካም። ሰው ከልጅነቱ ጀምሮ መሬቱን በእርምጃው፣ በአጠገቡ ያለውን በክንዱ እየለካ ይለምዳል፤ ከዚያም በእርሱና በሚያየው ነገር መካከል በተርታ የተዘረጋውን ምድር አይቶ ይገምታል። መካከሉ ከተሸፈነ ግምቱ ይበላሻል። በአንዲት ቀዳዳ በኩል፣ ወለሉ ሳይታይ፣ አንዱ ከሌላው የራቀ ሁለት ግድግዳ ብናይ የተጠጋጉ ይመስሉናል። ደመናም እንዲሁ ነው፤ በእኛና በእርሱ መካከል ተራራ ካልገባ መለኪያ የለንም።

መጽሐፉ ወደ ላቲን ተተርጉሞ በ1572 ባዝል ላይ ታተመ፤ እነ ሮጀር ቤከንና ኬፕለር ተጠቅመውበታል። እኛ ግን ስለ ብርሃንና ስለ ዓይን በክፍል ውስጥ ስንማር ስማቸው ያልተነሳልን ብዙዎች ነን።

ኢብኑል ሀይሰም በ430 ዓመተ ሂጅራ ገደማ ካይሮ ውስጥ አረፉ። አላህ ይዘንላቸው።